ኮምፒውተር አላስገባ ሲል የሚሠሩ ስህተቶች

አንዲት የማስተርስ ተማሪ ላፕቶፗን ይዛ መጣች። ሲበራ ስክሪኑ ጥቁር ይሆናል፤ ፓስወርድ የሚጻፍበት ቦታ ድረስ እንኳ አይደርስም። «ምን ነክተሽ ነበር?» አልኳት። አንድ ፕሮግራም «ዩዘርኢንቭ ዲኤልኤል (userenv.dll) ጠፍቷል» ሲላት ፋይሉን ከኢንተርኔት አውርዳ፣ የዊንዶውስ ዋና ፋይሎች በሚቀመጡበት ሲስተም32 (System32) ፎልደር ውስጥ በነባሩ ላይ ገልብጣበታለች። የመመረቂያ ጽሑፏ ያለው እዚያው ላፕቶፕ ላይ ብቻ ነው።

ዲኤልኤል ማለት ፕሮግራሞች በጋራ የሚጠቀሙበት የኮድ ፋይል፣ ላይብረሪ ነው። ዩዘርኢንቭ ደግሞ እንደ ዋዛ የሚነካ ፋይል አይደለም። ዊንዶውስ ስንገባ ዴስክቶፓችንን፣ ሴቲንጋችንንና የግል ፎልደሮቻችንን የሚያዘጋጅልን በዚህ ላይብረሪ በኩል ነው።

የመጀመሪያው ስህተት እንግዲህ ይኸው ነው፦ የዲኤልኤል ፋይል ከማይታወቅ ድረ ገጽ ማውረድ። ፋይሉን ማን እንደነካካው አታውቁም። ንጹሕ ቢሆን እንኳ ለእናንተ ዊንዶውስ ላይሆን ይችላል። ፋይሎቹ የ32 ቢትና የ64 ቢት ተብለው ይለያሉ፤ የሚቀመጡባቸው ፎልደሮች ስም ራሱ ያሳስታል። ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ሲስተም32 የሚይዘው የ64 ቢት ፋይሎችን ነው፤ የ32 ቢቶቹ ያሉት ሲስዋው64 (SysWOW64) በሚባለው ፎልደር ውስጥ ነው። ተማሪዋ ስሙን አይታ የ32 ቢቱን ሲስተም32 ውስጥ ከተተችው። ማን አይሳሳትም?

ዊንዶውስ ግን አስጠንቅቋት ነበር። እነዚህ ፋይሎች ባለቤታቸው ትረስትድኢንስቶለር የሚባል የሲስተሙ አካል ስለሆነ አድሚን ብትሆኑም «ፈቃድ የለዎትም» ይላችኋል። እሷ አንድ ቪዲዮ አይታ ባለቤትነቱን ወደ ራሷ አዛወረችው። ያ መልእክት ሲመጣ እባካችሁ እጃችሁን ሰብስቡ።

ትክክለኛው መድኃኒት ዊንዶውስ ውስጥ አለ። ትእዛዝ የሚጻፍበትን መስኮት፣ ኮማንድ ፕሮምፕትን፣ በአድሚን ከፍታችሁ ኤስኤፍሲ የሚባለውን የፋይል መመርመሪያ በስካንናው ትእዛዝ (sfc /scannow) አስነሡት። የተበላሹትን ፋይሎች ፈልጎ ዊንዶውስ ራሱ ባስቀመጠው ቅጂ ይተካቸዋል። አልቻልኩም ካለ ዲዝም (DISM) የሚባል ሌላ የጥገና መሣሪያ አለ፤ እሱ ጤነኛውን ቅጂ ከዊንዶውስ አፕዴት ያመጣል፤ ዳታ ይበላል። ከዚያ ኤስኤፍሲን ድገሙት።

የተማሪዋ ግን ጭራሽ አይገባም። ስለዚህ መነሣት ሲጀምር ደጋግመን አጠፋነው። ዊንዶውስ እንዲህ ሲደጋገምበት ራሱ የጥገናውን ገጽ ይከፍታል። ኤስኤፍሲን ከዚያ ሆነን አስኬድነው። እዚህ ላይ ልብ በሉ፦ በጥገናው ገጽ ውስጥ ሲ ድራይቭ ዲ ሆኖ ሊገኝ ይችላል። የዊንዶውስ ፎልደር የት እንዳለ አይታችሁ እዘዙ። ፋይሉ ተተካ፣ ላፕቶፑ ገባ፣ ጽሑፏም እንዳለ ነበር።

ሁለተኛው ስህተት «ፎርማት ይደረግ» ብሎ መቸኮል ነው። ብዙ ኮምፒውተር ቤት የመጀመሪያው መፍትሔ ይኸው ነው፤ ያሳዝነኛል። የመግቢያ ፋይል ተበላሸ ማለት ሰነዳችሁ ጠፋ ማለት አይደለም። መጀመሪያ ዳታው ይውጣ። ዲስኩ በዊንዶውስ የዲስክ መቆለፊያ፣ በቢትሎከር፣ የተቆለፈ ከሆነ ባለ 48 አኃዝ ቁልፍ ይጠይቃችኋል፤ አብዛኛውን ጊዜ በማይክሮሶፍት አካውንታችሁ ውስጥ ተቀምጧል። ሳይቸግራችሁ ዛሬውኑ ፈልጋችሁ ወረቀት ላይ ጻፉት።

አንቲቫይረስ ያገኘውን ሁሉ ዝም ብሎ ማጥፋትም ጣጣ አለው። አንዳንድ ቫይረስ ዩዘርኢኒት በሚባለው የመግቢያ ፕሮግራም ቦታ ራሱን ያስመዘግባል። ቫይረሱ ተሰርዞ ምዝገባው ካልተስተካከለ ፓስወርድ ጽፋችሁ ትገባላችሁ፣ ወዲያው መልሶ ያስወጣችኋል።

በጣም የሚያስለቅሰው ግን ጊዜያዊ ፕሮፋይል ነው። አንድ ጠዋት ስትገቡ ዴስክቶፑ ባዶ ነው። ፎቶ የለ፣ ሰነድ የለ። ሰው ይደነግጣል፤ ከዚያ ወይ አካውንቱን ከነፋይሎቹ ያጠፋዋል፣ ወይ ምንም እንዳልሆነ ሥራውን ይቀጥላል። ሁለቱም ጉዳት ነው። የድሮው ፋይላችሁ ሲ ድራይቭ ላይ፣ ዩዘርስ ውስጥ፣ በስማችሁ በተጠራው ፎልደር ብዙ ጊዜ እንዳለ ነው። ዊንዶውስ ፕሮፋይሉን መክፈት ስላቃተው ለጊዜው ሌላ ሰጣችሁ። በጊዜያዊው ዴስክቶፕ ላይ ሴቭ ያደረጋችሁት ግን ስትወጡ ይጠፋል። ስለዚህ የጻፋችሁት ካለ ሳይን አውት ከማድረጋችሁ በፊት ፍላሽ ላይ አውጡት። ከዚያ ሪስታርት አድርጉ፤ አንዳንዴ በዚያው ይስተካከላል። ካልተስተካከለ በስማችሁ ያለውን ፎልደር ወደ ውጪ ሃርድ ዲስክ ገልብጡና ለባለሙያ ስጡት። ስትሰጡትም «አካውንቱን እንዳታጠፋው» በሉት።