3 እና 4 ተደምረው 5 የሚሆኑበት ግጭት፦ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ባሕር ዳር ውስጥ ለፈተና የሚዘጋጅ ተማሪ ደብተሩን ቢገልጥ ይህችን ስሌት አያጣትም። ቀይ ብይ በ5 ሜትር በሰከንድ መጥታ፣ እኩል መጠነ ቁስ ያላትን የቆመች ሰማያዊ ብይ በጎን መታቻት። ግጭቱ ኢላስቲክ ነው፤ ማለትም ካይኔቲክ ኢነርጂ (የእንቅስቃሴ ጉልበት) አይጎድልም። ቀይዋ 37 ዲግሪ ታጥፋ በ4 ሄደች። የሰማያዊዋ ፍጥነት ስንት ነው? «5 ሲቀነስ 4፣ 1» ይጻፍና ከሥሩ ሁለቴ ይሰመርበታል። ኧረ በሕግ! ሞመንተም (መጠነ ቁስ ሲባዛ በፍጥነት፤ ድምሩ በግጭት የማይለወጥ) አቅጣጫ አለው፤ እንደ ጤፍ በኪሎ አይደመርም፣ አይቀነስም።

መጀመሪያ ሥዕል ይሣላል። ቀይዋ የመጣችበት መስመር ኤክስ፣ እሱን በ90 ዲግሪ የሚያቋርጠው ዋይ ይሁን። መጠነ ቁሳቸው እኩል ስለሆነ ፍጥነቱን ብቻ እንከፍላለን፤ የ37 ዲግሪ ኮሳይን 0.8፣ ሳይኑ 0.6 ገደማ ነው። በኤክስ ቀይዋ 4 × 0.8 = 3.2 ይዛ ሄዳለች፤ ከ5 የተረፈው 1.8 የሰማያዊዋ ነው። በዋይ በኩል ከግጭቱ በፊት ምንም አልነበረም፤ ቀይዋ ወደ ላይ 4 × 0.6 = 2.4 ካላት ሰማያዊዋ ወደ ታች ያንኑ ያህል ሊኖራት ግድ ነው። 1.8 እና 2.4 በፓይታጎረስ 3 ይሰጣሉ፤ አቅጣጫዋ ከኤክስ በታች 53 ዲግሪ። ማረጋገጫው ካይኔቲክ ኢነርጂ ነው፣ እሱም የሚሰላው በፍጥነት ካሬ ነው፦ 16 + 9 = 25። ያቺ 1 ትክክል ብትሆን ኖሮ 16 + 1 = 17 ነበር፤ ስምንቱን ማን በላው?

ካይኔቲክ ኢነርጂን ግን በኤክስና በዋይ አትክፈሉት። አቅጣጫ የለውም፤ አንድ እኩልታ ብቻ ነው።

37 ሲደመር 53፣ 90። ይህች ተወዳጅ ናት፤ ስለዚህም በየጥያቄው ትለጠፋለች። የምትሠራው ግን መጠነ ቁሳቸው እኩል ሲሆን፣ አንደኛዋ ቆማ ስትመታ፣ ምቱም ፊት ለፊት ካልሆነ ነው (ፊት ለፊት ከሆነ መቺዋ ቀጥ ትላለች፣ አንግል የሚባልም የለም)። መቺዋ ከከበደች በሁለቱ መካከል ያለው አንግል ከ90 ያንሳል፤ ከቀለለች ይበልጣል። በእጥፍ የምትከብድ ብይ የቆመች ቀላል ብይ መትታ ከ30 ዲግሪ በላይ መታጠፍ አትችልም። 45 ካገኛችሁ ስሌቱን አታራዝሙ፤ ሰርዙና ከሥዕሉ ጀምሩ። ሰፈር ውስጥ አፈር ላይ ለክታችሁ 90 ባይመጣም አትደነቁ፤ ብይ ትሽከረከራለች፣ አፈሩም ይይዛታል።

«የመቀራረብ ፍጥነት ከመራራቅ ፍጥነት ጋር እኩል ነው» የሚለውን፣ በአንድ መስመር ላይ ለሚደረግ ግጭት የሚሆነውን ቀመር እንዳለ ወደዚህ አታምጡ፤ የሚያገለግለው የሁለቱን ብዮች ማዕከላት በሚያገናኘው መስመር ላይ ነው።

ከግጭቱ በኋላ የማይታወቁት 4 (ሁለት ፍጥነትና ሁለት አንግል)፣ እኩልታዎቹ 3 (የኤክስ፣ የዋይና የኢነርጂ) ናቸው። ጥያቄው አንድ አንግል ወይም አንድ ፍጥነት ካልሰጠ ሌሊቱን ሙሉ ብትቀመጡም አይፈታም።

አንግሎቹ በዲግሪ ናቸውና ካልኩሌተሩ ራዲያን (ሌላው የአንግል መለኪያ) ላይ እንዳይሆን።

በመጨረሻም፣ ግጭት ሁሉ ኢላስቲክ አይደለም። ጣና ላይ ሁለት ታንኳዎች ቢጋጩ ደንገሉ ይጨመቃል፣ ካይኔቲክ ኢነርጂውም ይጎድላል። በግጭቷ ቅጽበት የኤክስና የዋይ ሞመንተም እኩልታዎች ይሠራሉ፤ የኢነርጂዋ ግን ትሰረዛለች፣ በእሷ ምትክም ሌላ የተለካ ቁጥር ያስፈልጋል።