የእቁብ ግሩፓችሁን ምስጢር እንዴት ትጠብቃላችሁ?

እቁባችን ባህር ዳር ነው፤ የሚመራው ግን በስልክ ግሩፕ ነው። የባንክ ደረሰኝ፣ የሂሳብ ቁጥር፣ ዕጣ የወጣለት ሰው ስም፣ ሁሉም እዚያው ነው። አንድ ቀን የአንዷ አባላችን ስልክ ገበያ ውስጥ ተሰረቀ። የዚያኑ ዕለት ማታ ሌባው በእሷ ስም «ብር ቸግሮኛል» እያለ ግሩፑ ላይ ይጽፍ ጀመር። ደነገጥን። ከዚያ ወዲህ ያደረግነውን ልንገራችሁ።

መጀመሪያ፣ የምትጠቀሙበት አፕ ምን እንደሚቆልፍ እወቁ። ሲግናልና ዋትስአፕ ላይ መልእክቱ ከስልካችሁ ሳይወጣ ይቆለፋል። መክፈቻው ያለው ተቀባዩ ስልክ ላይ ብቻ ነው፤ መሐል ያለው ኩባንያ እንኳ አያነበውም። ግሩፕም እንደዚሁ ነው። አባል ሲወጣ ቁልፎቹ ይቀየራሉ፤ ከዚያ በኋላ የሚላከው አይደርሰውም። የቀድሞው ግን ስልኩ ላይ ይቀራል። ቴሌግራም ይለያል። እዚያ እንዲህ የሚቆለፈው ሁለት ሰው ብቻ የሚጻጻፍበት «ሲክሬት ቻት» ነው፤ ግሩፑ በዚህ መንገድ አይቆለፍም። ስለዚህ ደረሰኝና ሂሳብ ቁጥር ወደ ሲግናል አዛወርን።

ቀጥሎ ቁጥር ማመሳከር ነው። ብዙ ሰው ይዘለዋል፤ እኔ ግን ከሁሉም አብልጬ የምወደው እሱን ነው። የሰውዬውን ስም ነክታችሁ የሁለታችሁን ቁልፎች የሚወክለውን የደህንነት ቁጥር ክፈቱ። 60 አሃዝ ይመጣል፤ አምስት አምስት ሆኖ በ12 ተከፍሎ። የዘጌዋ አባላችን ቅዳሜ በጀልባ ስትመጣ ጣና ዳር ቡና ይዘን ተቀመጥን። እሷ ከስልኳ ታነባለች፣ እኔ የኔን በጣቴ እከተላለሁ። አንድም ሳይዛነፍ ገጠመ። መሐላችን የገባ የለም ማለት ነው። ቁጥሩ በኋላ ከተቀየረ ሲግናል ይነግራችኋል። ሰውዬው ስልክ ቀይሮ ይሆናል፤ ወይም ሌላ ሰው በስልክ ቁጥሩ ገብቶ ይሆናል። ብር ከመላካችሁ በፊት ደውላችሁ ድምፁን ስሙ።

ግሩፑ ውስጥ ያለውን ሰውም ቁጠሩ። የግሩፑ መግቢያ ሊንክ ከእጅ ወደ እጅ ይዞራል። አዲስ ሰው በአድሚን ፈቃድ ብቻ እንዲገባ አድርጉ። የማታውቁት ቁጥር ካለ «ማን ልበል?» በሉ፤ ነውር የለውም። መልእክቱ የቱንም ያህል ቢቆለፍ፣ ግሩፑ ውስጥ ተቀምጦ ከሚያነብ ሰው አያድናችሁም።

መልእክት በራሱ እንዲጠፋ ማድረግም ይቻላል። እኛ አንድ ሳምንት አድርገነዋል፤ ሂሳቡን ጸሐፊያችን በደብተር ትይዘዋለች። ዋትስአፕ ላይ ከሆናችሁ ባክአፑም (የሚቀመጠው የመልእክቶቹ ቅጂ) መቆለፉን ሴቲንግ ገብታችሁ እዩ።

የተሰረቀው ስልክ ኮድ አልነበረውም። ኮድ ከሌለ ስልኩን ያነሳ ሁሉ እሷን ሆኖ ይጽፋል። አሁን አዲስ አባል ስልኩ ላይ ኮድ ሳያደርግ ሊንኩን አልልክለትም።